«በሬው በእኔ» ያልሁ ዕለት

ከሮብ ገበያ እስከ ቁይ፣ ከቁይ እስከ ደጀን ያለው ዘመዴ ሁሉ አንድ ሜዳ ላይ ተሰብስቦ «ከመካከላችሁ ቃሉ መሬት ጠብ የማይል ሰው ማን ነው?» ቢባል፣ ጣቱን ወደ እኔ የማይቀስር አንድ ሰው አይገኝም። «እመጣለሁ» ካልሁ ደጃችሁን ክፈቱ፤ «እሰጣለሁ» ካልሁ እጃችሁን ዘርጉ።

ጣታቸውን የሚቀስሩት ግን እየሳቁ ነው። ደብረ ማርቆስ ከተማ ልብስ ሰፊ ነኝ። ለደንበኛ «ሐሙስ ና» ስለው «የትኛው ሐሙስ?» ብሎ የሚጠይቀኝ የተለመደ ነው፤ አንዳንዱማ «የዘንድሮው ነው?» ይላል። ታናሽ ወንድሜ «ጋሼ ቅዳሜ እመጣለሁ ካለ ለማክሰኞ አብስሉ» እያለ ያስቅብኛል። አንድ ሰው ለልጁ ክርስትና ያሰፋው ልብስ ልጁ ትምህርት ቤት ሲገባ ደረሰለት ብለውም ያሙኛል። ውሸታቸውን ነው። ትምህርት ቤት ሲገባ ልብሱ ጠቦት ነበር።

እንዲህ ያለ ሰው በገዛ እህቱ ልጅ ሠርግ ላይ በሬ የሚያህል ነገር ቃል ገባ። የማወራው ይህንን ነው።

እህቴ የምትኖረው ከሮብ ገበያ ወጣ ብሎ፣ ጮቄ ተራራ ሥር ነው። ባሏ ከሞተ ወዲህ መሬቷን የሚያርስላት ሌላ ሰው ነው፤ ምርቱን እኩል ይካፈላሉ። ያ ሰው ሌላ መሬት ትቶ ወደ እሷ የሚመጣው ለዓይኗ ብሎ አይደለም። ባሏ ከጥጃነታቸው ጀምሮ አሳድጎ የተወላት ሁለት በሬዎች አሏት፤ እነሱን ጠምዶ ያርሳል። ከሁለቱ አንዱ ግንባሩ ላይ ነጭ ያለበት ስለሆነ ቦቃ ይባላል። እህቴ ስለ ቦቃ ስታወራ የሰማ እንግዳ ስለ ሟቹ የምታወራ ይመስለዋል።

የመጀመሪያ ልጇን ለትዳር ከቁይ በኩል የመጣ ገበሬ ጠየቃት። ልጁ ጨዋ፣ ጠንካራ፣ ቤተ ክርስቲያን የማይቀር ነው። አንድ ጉድለት ብቻ አለበት፤ ያለው አንድ በሬ ነው። አንድ በሬ ያለው ገበሬ አንድ እግር ጫማ እንዳለው ሰው ነው፤ እንደሱ ያለ ሌላ ባለ አንድ በሬ ፈልጎ፣ የሁለቱን በሬዎች አጣምረው፣ ዛሬ ያንተን ነገ የእኔን እየተባባሉ ያርሳሉ። መቀናጆ ይሉታል። ሰማዩ ደግሞ የሚዘንበው ሁልጊዜ በሌላው ሰው ቀን ነው።

ሽማግሌዎች ሄደው መጥተው ነገሩ ከተቆረጠና ሠርጉ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት ባለው የመጨረሻው እሑድ እንዲሆን ከተስማሙ በኋላ፣ እኛ ዘመዶቹ እህቴ ቤት ተሰበሰብን።

በእኛ ዘር ሠርግ አንድ ሰው አይደግስም። ጎተራው ሙሉ ቢሆን እንኳ ብቻውን ልደግስ ያለ ሰው እንደ ሰደበን ይቆጠራል። ሁሉም አንዳንድ ነገር ያነሳል፤ «ጌሾው በእኔ»፣ «ማገዶው በእኔ» ይላል፤ አለቀ። ወረቀት የለም፤ «አንተ ይህን አምጣ» የሚል አዛዥም የለም። አንድ ሕግ ብቻ አለ፤ ቃል ከታች ይጀምራል። ከሁሉም አቅም ያነሰው ሰው መጀመሪያ ይናገራል፤ ከሱ ትንሽ የሚሻለው ይከተላል፤ እንዲህ እያለ ይወጣል፤ ባለጠጋው ዝም ብሎ ይጠብቅና የተረፈውን ከባድ ሸክም ይወስዳል። ባለጠጋው መጀመሪያ ቢናገርና ቀለል ያለውን ቢያነሳ፣ ለደሃው ምን ሊቀርለት ነው? ይህን ሕግ ያወጣውን ሰው አላውቀውም። ባውቀው ኖሮ ካባ እሰፋለት ነበር፤ በቀጠሮው ቀን ባይሆንም።

ያን ቀን መጀመሪያ የተናገረችው አክስቴ ናት። ያላት ጎጆዋና ሦስት ዶሮ ነው። ቀና ብላ፣ ድምፅዋን ሳትቀንስ፣

«ጨው በእኔ!» አለች።

«እሰይ! ጨው የሌለው ወጥ ማን ይቀምሳል! ዕድሜ ይስጥሽ!» አልን ሁላችን። ከልባችን ነው ያልነው። ጨው አንስታ በሬ ያነሳች ያህል ተመረቀች፤ ነጠላዋን አስተካክላ ለባለ ትልቅ ድርሻ በሚገባ አቀማመጥ ተመቻችታ ተቀመጠች።

ከዚያ ማገዶው ተነሳ። ከዚያ ጌሾው። ቀጥሎ የእኔ ተራ ነበር። ማንም አልነገረኝም፤ ግን የማንም አቅም ከማንም አይሰወርም። የእኔ ልክ ሽንኩርት ነው። ሁሉም ያውቃል፤ ሽንኩርቱ ራሱ ያውቃል።

«ሽንኩርቱስ?» አለች እህቴ፣ ጣሪያውን እያየች። ያየችው ጣሪያውን ነው እንጂ የጠየቀችው እኔን ነው።

እኔም ጣሪያውን አየሁ። ሁለታችንን ያየ ሰው ቤቱ የሚያፈስ ይመስለዋል።

ለምን ዝም እንዳልሁ ልንገራችሁ። ዝም ያለ ሰው ባለጠጋ ይመስላል፤ ሕጉ እንደዚያ ነውና። ለሁለት ደቂቃ ያህል ባለጠጋ መስዬ ልቀመጥና ከዚያ «በሉ ሽንኩርቱ በእኔ» ልል አስቤ ነበር። ብዙ ሰው ለዚህ ብሎ ባንክ ይዘርፋል፤ እኔ ዝም ብዬ ላገኘው ነበር። ግን ታናሽ ወንድሜ ቀደመኝ። እሱ ደጀን ላይ፣ ከባድ መኪኖች በሚቆሙበት መንገድ ዳር ምግብ ቤት አለው።

«ሽንኩርቱም ዘይቱም በእኔ» አለና ወደ እኔ ዞረ። «ጋሼ፣ ዘንድሮም ክር ነው የያዝህልን?»

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ባለፈው በቤተሰባችን ሠርግ የሚዜዎቹን ሸሚዝ እኔ ልሰፋ ቃል ገብቼ፣ ሸሚዙ ለመልሱ ነበር የደረሰው። ሚዜዎቹ በሠርጉ ቀን ሹራብ ለብሰው አጅበዋል።

ቅቤው ተነሳ፤ በርበሬው ተነሳ። «ጠላው በእኔ» አለች እህቴ ራሷ። በሬው ብቻ ቀረ። በሬ የሚያነሳው ሁልጊዜ ታላቅ ወንድማችን ነው። ቄስ ነው፤ ገበሬም ነው፤ ባሕር ዛፍም ንብም አለው። በሬውን ሊያነሳ ሲል እንደ ቅዳሴ መግቢያ ጉሮሮውን ይጠርጋል። ጠረገ። ጠርጎ ሳይጨርስ አንድ ድምፅ «በሬው በእኔ!» ሲል ሰማሁ። ማን ነው ብዬ ዞር ዞር አልሁ። ሁሉም የሚያየው እኔን ነው።

ዝንቡ እንኳ መብረር አቆመ። ታናሽ ወንድሜ ሳቁን እንደ ትኩስ ድንች አፉ ውስጥ ያዘው።

«ሰማችሁ?» አለ ቄሱ ወንድሜ ቀስ ብሎ።

«ሰማን።»

«ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፣ ወንድሜ።»

«ይውጣ፣ አባ! እርስዎ ደግሞ! ወጣ ነው የምልዎት!»

«እንግዲያው እግዚአብሔር ያክብርህ። እኔ ማሩንና አረቄውን አመጣለሁ።»

አክስቴ ከተቀመጠችበት ብድግ ብላ «ለቀንዱ በራፍ አይብቃው!» ብላ መረቀችኝ።

ሕጉ ሌላም ክፍል አለው። ቃል የገባን ሰው «ትችላለህ ወይ?» ብሎ መጠየቅ ነውር ነው። ልብሱን ገፈህ አደባባይ ከማቆም አይተናነስም። ስለዚህ ማንም አልጠየቀኝም። ያን ቀን አንድ ሰው ቢጠይቀኝ ኖሮ እግሩን እስመው ነበር።

ወደ ማርቆስ ስንመለስ ሚኒባሱ መንገዱ አጋማሽ ላይ ሲደርስ ባለቤቴ፣

«በሬ ገዝተህ ታውቃለህ?» አለችኝ።

«እኔ? አይቼ አውቃለሁ» አልኋት።

ከዚያ ወዲያ እንደ ሰው ሠራሁ። የሠርግ ወቅት ነው፤ ሥራ ሞልቷል። የስፌት መኪናዬን እግሬ እስኪዝል ረገጥሁት፤ ከማርቆስ አዲስ አበባ የሚያደርስ ርቀት የረገጥሁ ይመስለኛል። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሐሙስ ያልሁት ልብስ ሐሙስ ደረሰ። ደንበኛው ደንግጦ ቤተሰቤ ደኅና መሆኑን ጠየቀኝ። ያገኘሁትን ብር እንዳላጠፋው በኮቴ ገበር ውስጥ ሸጉጬ በራሴ እጅ ሰፋሁበት፤ ስፌቱ ሌባ ቀርቶ እኔ ራሴም እንዳልፈታው ሆኖ ጠብቋል።

ሠርጉ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ሮብ ገበያ ሄድሁ። የቁም ከብቱ ተራ መሐል አንድ ቀይ ሰንጋ አየሁ። ሻኛው እንደ ጉልላት ነው። ባለቤቱ ዱላውን ተደግፎ ቆሟል። ዋጋውን ጠየቅሁት፤ ነገረኝ። የነገረኝ ዋጋ በሬውን ብቻ ሳይሆን የቆመበትን መሬት የሚጨምር መሰለኝ። በኮቴ ላይ ገበሩን ዳሰስሁ። ያለኝ የግማሽ በሬ ዋጋ ነው።

«ወንድም ዓለም፣ ግማሹን አትሸጥልኝም?»

ሰውዬው ፊቱ ሳይለወጥ፣ «የትኛውን ግማሽ?» አለኝ።

«የትኛው ይሻላል?»

«የፊቱን ከወሰድህ ቀለቡ ያንተ ነው። የኋላውን ከወሰድህ ግን ቢያንስ እበቱን በነጻ ታገኛለህ።»

እንዲህ ያለ ሰው ባገኝ በየሳምንቱ ገበያ እወጣ ነበር። ስቄ ስጨርስ ግን በሬ የሌለኝ መሆኑ ትዝ አለኝ። ባዶ እጄን ተመለስሁ፤ ጾሙ በቀረበ ቁጥር ዋጋው ወደ ላይ፣ እኔ ወደ ታች ሆንን። ባለቤቴ ገበሩን አይታለች፤ በሬ ያለመኖሩንም አይታለች። ሠርጉ አንድ ሳምንት ሲቀረው በርበሬ ልታስፈጭና ልታግዝ ወደ እህቴ ዘንድ ቀድማኝ ሄደች።

አርብ ዕለት ተነሳሁ። ለራሴ ያልሁት እንዲህ ነው፤ ደርሼ ገበሩን ተርትሬ፣ ብሩን ለእህቴ ሰጥቼ፣ «እታለም፣ በሬ የለኝም» እላታለሁ። ቢስቁብኝ ይሳቁ። ብሩ ላይ ጨምረው የሆነ ነገር ያደርጋሉ። መንገዱን ሙሉ ይህን ንግግር አጠናሁ፤ በጣም የሚያምር ንግግር ነበር።

ደጁ ላይ ስደርስ ጎረቤቱ ሁሉ ዳስ ያቆማል። ገና ሳልቆም እህቴ ከማድ ቤት ወጥታ አገር በሚሰማው ድምፅ፣

«ይኸው ጋሼ መጣ! በሬህ ከትናንት ጀምሮ ታስሮ ይጠብቅሃል!» አለች።

ዞር ብዬ አየሁ። ግራሩ ሥር አንድ በሬ ታስሯል። ግንባሩ ላይ ነጭ አለበት።

አጠገቧ ሄጄ በሹክሹክታ፣ «እታለም፣ ይህ ቦቃ አይደለም?» አልኋት።

«የማን ቦቃ? ያንተ በሬ ነው። ብሩን ልኮልኝ ከእኔ ገዛው ብዬ ለጎረቤቱ ተናግሬያለሁ። ዝም በል።»

«በሬውን አርደሽ በምን ልታርሺ ነው?»

«ዝም በል አልሁህ ጋሼ። በሬ በጊዜው ይተካል። እሑድ አማቾቼ ፊት አንገትህን የደፋህ እንደሆነ ግን የሚደፋው የእኔ አንገት ነው።» ይህን ብላ ምጣዷን ልታይ ገባች። ከበረቱ ውስጥ የቦቃ ጓደኛ ይጮኻል። ቦቃ ይመልስለታል።

እኔ ሰው ነኝ ብዬ ስለማስብ፣ በዚያች ደቂቃ የተሰማኝን በቀልድ ልሸፍነው አልችልም። የአንዲት መበለት ማረሻ በሬ በእኔ ምላስ ሊታረድ ነው። በሬው ከሄደ አራሹ ይሄዳል፤ አራሹ ከሄደ መሬቱ ጦም ያድራል። ገበሩን ዳሰስሁ። ግማሽ በሬ ቦቃን አያድነውም። ያጠናሁት ንግግር ከነማማሩ ጠፋኝ።

እንዲህ እንደ ቆምሁ ከታች ከመንገዱ የመኪና ጥሩንባ ተሰማ። አንድ አይሱዙ እየተንገጫገጨ መጥቶ ዳሱ አጠገብ ቆመ። ሾፌሩ አንገቱን አውጥቶ፣

«የልብስ ሰፊው በሬ የት ይውረድ?» አለ።

ከላይ አንድ ዳለቻ ሰንጋ፣ የስብ ክምር፣ እኛን ቁልቁል ያየናል። ከጋቢናው ታናሽ ወንድሜ ወረደ። ፊቱ ላይ አንድ ፈገግታ የለም። በሕይወቴ እንዲህ ኮስተር ብሎ አይቼው አላውቅም።

«ጋሼ፣ ያስገዛኸኝ በሬ ይኸው። ከደጀን ድረስ ቆሞ ነው የመጣ» አለኝ ጎረቤት ሁሉ እየሰማ።

«ጎበዝ» አልሁት። እህቴ ከማድ ቤቱ በር ላይ ሊጥ በያዘ እጇ አፏን ከድና ቆማለች።

ዳለቻው ወርዶ ውሃ ሳይጠጣ፣ ከላይ በኩል በእግር መንገዱ አንድ ነጭ ጥምጥም ብቅ አለ። ቄሱ ወንድሜ ነው። በገመድ የሚስበው ጥቁር ወይፈን ነው፤ ጎረምሳ፣ አንገቱ ገና ቀንበር የለመደ። ሦስተኛው መሆኑን ያወቅሁት እኔ ብቻ አይደለሁም፤ ዳስ የሚያቆሙት ሰዎች ሁሉ ምሰሶ ጥለው ቆመዋል። ወንድሜ ቦቃን አየ፤ ዳለቻውን አየ፤ እኔን አየ። ቢሆንም የመጣበትን አልተወም።

«ይህ የወንድሜ በሬ ነው» አለና አማተበ። ቄስ ሲዋሽ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው። በኋላ ስጠይቀው ለዚያች አንዲት ቃል ብዙ ስግደት እንደ ሰገደላት ነገረኝ።

ጎረቤቱ ማውራት ጀመረ። «ሦስት በሬ!» «ልብስ ሰፊ እንዲህ ያገኛል እንዴ?» «እኛን ምን አስቀረን፤ መርፌ እንግዛ እንጂ!» ሁለት ሰዎች ከዚያ ቀን ጀምሮ አንቱ ብለውኛል፤ እስካሁንም አልተውም።

ባለቤቴ ግን ደጃፉ ላይ ቆማለች፤ እጇ በበርበሬ ቀልቷል፤ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። ስትስቅ ነው፤ እየሳቀችም ዓይኗን በበርበሬ እጇ ጠርጋ እውነተኛ ልቅሶ አለቀሰች። ነገሩ የተበጠበጠው በእሷ እንደሆነ ያኔ ገባኝ።

ዳሱ ጀርባ አምስታችን ተሰበሰብን፤ ሁለቱ ወንድሞቼ፣ እህቴ፣ ባለቤቴና እኔ። ባለቤቴ ከገበያ ባዶ እጄን በተመለስሁ ማግስት ለታናሽ ወንድሜ ደውላለታለች። «እሺ፣ እኔ እሸፍናለሁ፤ ጋሼ እንዳያፍር ለማንም እንዳትነግሪ» ብሎ አስምሏታል። ከዚያ እሱ መንገደኛ የሚያስተናግድ ሰው ነው፣ ቢረሳስ ብላ ለቄሱ ደወለች። እሱም «እኔ አለሁ፤ ለማንም እንዳትተነፍሺ» ብሎ በመስቀሉ አስምሏታል። እህቴ ደግሞ ምንም አልተነገራትም፤ በርበሬ ሲቀነጥሱ የባለቤቴን ፊት አይታ ነው ያወቀችው። ቦቃን ስታወጣው ባለቤቴ «ተይው፣ ሁለት በሬ ይመጣል» እንዳትል በሁለት መሐላ ታስራለች። ከሐሙስ ጀምሮ ጆሮዋን አቁማ የጠበቀችው የመኪና ጥሩንባ ነበር።

«እናንተም?» አለች እህቴ ወንድሞቻችንን እያፈራረቀች።

«አንቺም?» አለ ታናሹ።

ከዚያ የሳቅነውን ሳቅ ልጽፈው አልሞክርም። ቄሱ ወንድሜ ጥምጥሙ እስኪፈታ ሳቀ። እኔ ግን ከሳቁ በኋላ የታዘብሁት ሌላ ነው። ሦስት ሰው፣ ሦስት ቦታ፣ አንዱ የሌላውን ሳያውቅ ለእኔ ብሎ በሬ ሲያወጣ፣ አንዱም «ይህ የእኔ ነው» ብሎ አላመጣም። ሦስቱም በሬውን የጫኑት በእኔ ስም ላይ ነው። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ የሰው ልብስ በልክ ሰፋሁ ብዬ ስኩራራ ኖሬአለሁ፤ የሰውን ገመና በልኩ መሸፈን ግን እነሱ ናቸው የሚያውቁበት።

«እንግዲህ» አለ ቄሱ ጥምጥሙን እየጠመጠመ፣ «ሰኞ ጾም ይገባል። ሦስት በሬ አርደን ሥጋውን ለጅብ ልንደግስ ነው?»

«ዳለቻው ይታረድ» አለ ታናሹ። «እኔ ዘንድ የተቀለበው ለእርድ ነው። ቀንበር ቢያሳዩት ይስቃል።»

«ቦቃ በረቱ ይግባ። ይህ ጥቁሩ ደግሞ ለማረሻ የደረሰ ነው። ለልጆቹ ጎጆ መውጫ ይሁናቸው፤ ያንን መቀናጆ ይገላገሉት» አለ ቄሱ።

እህቴ ሄዳ የቦቃን ገመድ በራሷ እጅ ፈታች። ቦቃ ሳትጎትተው ቀድሟት ወደ በረቱ ገባ፤ ከውስጥ የነበረው ጩኸት ቆመ።

«ሰጪው ማን ይባላል?» አልሁ እኔ። ይህን ያህል ኅሊና ነበረኝ።

ቄሱ በጣቱ ጠቆመኝ። «አንተ ነሃ። ቤተሰቡ ፊት በሬው በእኔ ያልኸው አንተ ነህ። በሬው ቃሉን ተከትሎ መጣ፤ እግሩ የማንም ይሁን።»

እሑድ የሙሽራው ወገን ከቁይ መጣ፤ ዳሱ ጢም አለ። ወጡ ሲመሰገን አክስቴ ከተቀመጠችበት «ጨው ነው! ጨው ነው!» ትላለች፤ እውነቷን ነው። በመጨረሻ ጥቁሩ ወይፈን ዳሱ ፊት ቀርቦ ቄሱ ወንድሜ፣ «ይህ የሙሽሪት አጎት ስጦታ ነው» ብሎ አሳወቀ። ሙሽራው መጥቶ ጉልበቴን ሳመ።

«አባብዬ፣ ከእንግዲህ የሰው ተራ አልጠብቅም» አለኝ። ድምፁ በዝናብ ቀን በሌላ ሰው ማሳ ዳር ቆሞ የራሱን በሬ ሲያይ የኖረ ሰው ድምፅ ነው።

«በርታ ልጄ» አልሁት፣ ከእኔ ጉሮሮ ወጥቶ በማያውቅ ድምፅ።

የሙሽራው አባት ተነሱ። ዳሱም ከሳቸው ጋር ተነሳ። «ለሦስት በሬ ያልሰሰተ እጅ አይንጠፍ! ቃሉን እንዳከበረ ቃሉ ይከበርለት!» ብለው መረቁኝ። አሜን ተባለ። ከሁሉም አሜን የእኔ ይበልጥ ነበር። ታናሽ ወንድሜ ከጎኔ ሆኖ፣ «ጋሼ፣ ቀስ በል፣ ዳሱ ይወድቃል» አለኝ።

ኮቴን አላወለቅሁም። በዚያን ቀን ብሩን ልሰጣት ሦስት ጊዜ እህቴን ወደ ጓዳ ተከትያታለሁ። መጀመሪያ ጠላ ቀጂዎች ጠሯት። ሁለተኛ እኔን ጠሩኝ፤ ሌላ የሚመርቅ ሽማግሌ ተገኝቶ። ሦስተኛ ብቻዋን አገኘኋትና አፌን ስከፍት፣ «ጋሼ ምነው፣ አመመህ?» አለችኝ። «አይ፣ ደኅና ነኝ» አልኋት። አራተኛ አልሄድሁም።

ማክሰኞ ጠዋት ወደ ማርቆስ ስንመለስ ሚኒባሱ መንገዱ አጋማሽ ላይ ሲደርስ ባለቤቴ ወደ ኮቴ አየች።

«ብሩን ለእታለም ሰጠሃት?»

«ሰጠኋት» አልሁ።

ራሷን ትከሻዬ ላይ አሳርፋ «ጎበዝ» አለችኝ። ያለ ምስክር፣ ያለ ጥያቄ አመነችኝ። በትዳራችን ቃሌን እንዲያ ስታምን ያየሁት ያን ቀን ነው።

አልሰጠኋትም ነበር። ገበሩን የተረተርሁት ሱቄ ገብቼ በሩን ከዘጋሁ በኋላ ነው። አሁን የስፌት መኪናዬ በእግር አይረገጥም፤ ሞተር ያስገጠምሁለት በዚያ ብር ነው።